አባ አጣሂር ያዩት የባሕር ቀንዲል

ሰኞ፣ ኅዳር 8

ሳቅሁ። ከሁሉም የሚያሳፍረኝ እሱ ነው። ልጆቹ ቢስቁ ልጆች ናቸው፤ እኔ ግን መምህርት ሆኜ፣ ጠመኔ በእጄ ይዤ፣ አብሬያቸው ሳቅሁ።

ዘጠነኛ «ሐ»፣ አራተኛ ክፍለ ጊዜ፣ አከርካሪ የሌላቸው እንስሳት። ጄሊፊሽ ላይ ደረስን። እኔ ባሕር አይቼ አላውቅም። ተወልጄ ያደግሁት ፓዌ፣ የማስተምረው አሶሳ፤ ትልቁ ያየሁት ውሃ ዓባይ ነው። ቢሆንም ሰሌዳው ላይ ጃንጥላ ሣልኩ፣ ከሥሩ ክሮች አንጠለጠልኩ፣ «ሁሉም ጄሊፊሾች እንዲህ ሆነው እየተንሳፈፉ ይኖራሉ» አልኩ። ሁሉም። ይህችን ቃል ማን ጨምሪ አለኝ? መጽሐፉ እንኳ አላላትም።

ራውዳ እጇን አወጣች። ራውዳ ብዙ አትናገርም። የቤቷ ቋንቋ በርታኛ ነው፤ አማርኛውን አፏ ላይ ከማምጣቷ በፊት ውስጧ አስተካክላ ነው የምትናገረው። በፈተና ግን ከክፍሉ አንደኛ እሷ ናት። የምትኖረው ከአያቷ ከአባ አጣሂር ጋር ነው፤ እሳቸው የትምህርት ቤታችን ጥበቃ ናቸው፤ በወጣትነታቸው ሱዳን ሄደው ቀይ ባሕር ላይ ሠርተዋል ይባላል።

አያቷ ያዩት ጄሊፊሽ እንደማይንሳፈፍ ነገረችን። ባሕሩ ወለል ላይ በጀርባው ይተኛል፣ እግሮቹን ወደ ፀሐይ ይዘረጋል አለች። ደግሞ ሳይነካህ ያቃጥላል፣ አጠገቡ ያለው ውሃ ራሱ ያቃጥላል አለች።

ክፍሉ በሳቅ ተናጋ። ከኋላ አንዱ «የዘበኛው ተረት» አለ። እኔም ሳቄ አመለጠኝና «ራውዳ፣ ይሄ ተረት ነው፤ እዚህ የምንማረው ሳይንስ ነው» አልኳት።

አላለቀሰችም። ደብተሯን ዘጋች፣ ደወሉ እስኪደወል አልከፈተችውም።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 9

ራውዳ አልመጣችም።

ጠዋት በር ላይ አባ አጣሂር ነበሩ። ሌላ ቀን ቢሆን ከሩቅ ሲያዩኝ ነው «ኡስታዛ፣ እንዴት አደርክ» የሚሉኝ፤ «ኡስታዛ» በዓረብኛ መምህርት ነው። ሴቱንም ወንዱንም «አንተ» ነው የሚሉት፤ እኔ ደግሞ እወደዋለሁ። ዛሬ በሩን ከፈቱልኝ፣ ፊታቸውን ወደ አስፋልቱ መለሱ። እኔም ያመጣኝን ባጃጅ እንደሚሸኝ ሰው ወደ አስፋልቱ አየሁ።

ሌላ ጭንቀት፦ ዳይሬክተሩ የክፍል ምልከታ አለ አሉ። የእኔ ሰኞ ነው። የትኛው ክፍል? ዘጠነኛ «ሐ»። የደረጃ ዕድገቴ የሚወሰነው በዚህ ነው። የዚያው ሳምንት ረቡዕ ደግሞ የአጋማሽ ፈተና።

ራውዳ ያለችው እውነት ይሆን እንዴ ብዬ ስልኬን ከፈትኩ። ኔትወርክ የለም። ከሰዓት መብራትም ሄደ። ቤተ መጻሕፍት ገብቼ ያሉትን የባዮሎጂ መጻሕፍት አገላበጥኩ። ስለ ጄሊፊሽ ያለው ግማሽ ገጽ ነው። ሥዕሉ የእኔው ጃንጥላ።

ረቡዕ፣ ኅዳር 10

እውነት ነው። ሁሉም ነገር እውነት ነው።

ኔትወርኩ በምሳ ሰዓት መጣ። መምህራን ማረፊያ ጥግ ይዤ ተቀመጥኩና «ተገልብጦ የሚተኛ ጄሊፊሽ» ብዬ ፈለግሁ። አንድ ቪዲዮ እየቆመ እየተነሣ አርባ ደቂቃ ፈጀብኝ። ምሳዬን አልበላሁም፤ ትዝም አላለኝ።

አሉ። ጥልቀት በሌለው ሞቃት ውሃ፣ ጨዋማ ውሃ ውስጥ በሚበቅሉ ዛፎች ሥር፣ ጭቃው ላይ በጀርባቸው ተንጋለው ይኖራሉ። ቀይ ባሕርም ውስጥ አሉ። ቡናማ፣ አረንጓዴ፣ ጫፋቸው እንደ አበባ ጎመን የተንጨፈረረ። በእጆቻቸው ውስጥ በዓይን የማይታዩ ጥቃቅን አልጌዎች ያኖራሉ። አልጌዎቹ በፀሐይ ብርሃን ምግብ ይሠራሉ፣ ጄሊፊሹም ከዚያ ይመገባል። ለዚህ ነው የሚገለበጠው፤ እርሻውን ፀሐይ እያሞቀ ነው። የውሃው ማቃጠልስ? ሲነካኩት የሚያቃጥል ንፍጥ ይለቃል፤ ንፍጡ ከውሃው ጋር ይሄዳል፤ ዋናተኛው ምንም ሳይነካው ቆዳው ይለበለባል።

ራውዳ አንዲት ቃል አልጨመረችም። አያቷም አልጨመሩም። የጨመርኩት እኔ ነኝ።

ከዚያ ማቆም አቃተኝ። ማስታወሻ ደብተሬ ላይ የጻፍኩትን እዚህ ልገልብጠው፦

ልብ የለውም። ደም የለውም። አጥንት የለውም። አንጎል የለውም። አብዛኛው አካሉ ውሃ ነው።

አንጎል ሳይኖረው ይተኛል! ይሄ በጀርባው የሚንጋለለው፣ ሲመሽ ትርታው ይቀንሳል፤ ሲቀሰቅሱት እንደ እንቅልፋም ሰው ዘግይቶ ይነቃል።

ከዳይኖሰሮች በፊት ነበረ። እነሱ አለቁ፣ እሱ አለ።

የብዙዎቹ ልጅ መጀመሪያ ድንጋይ ላይ ተጣብቆ እንደ ትንሽ አበባ ይኖራል። ከዚያ ሰውነቱ እንደ ተደራረበ ሳህን ይሆንና ሳህኖቹ አንድ በአንድ እየተላቀቁ እየዋኙ ይሄዳሉ። እያንዳንዱ ሳህን አንድ ጄሊፊሽ።

ፀሐይ ደርሶ በማያውቅበት ጥልቀት የሚኖሩ አሉ፤ የራሳቸውን ብርሃን ያበራሉ። በረዶ ሥር የሚኖሩም አሉ።

አሥራ አንድ ዓመት ባዮሎጂ አስተምሬ ይሄን ሁሉ በግማሽ ገጽ ሳልፈው ኖሬአለሁ። ደስታም ሐፍረትም በአንድ ቀን ያዙኝ።

ራውዳ ዛሬም የለችም። አጠገቧ የምትቀመጠውን ልጅ ጠየቅኋት። ሆሞሻ እናቷ ጋ ሄዳለች፣ አልመለስም ብላለች አለችኝ።

ሐሙስ፣ ኅዳር 11

ጠዋት ቀድሜ ሄድኩ፤ በሩ ላይ ሌላ ሰው ሳይኖር። አባ አጣሂር አግዳሚ ወንበራቸው ላይ ነበሩ። ቆሜ ይቅርታ ጠየቅሁ። ያዩት እውነት እንደሆነ አሁን እንዳወቅሁ፣ በልጅቷ ላይ መሳቄ ነውር እንደነበረ ነገርኳቸው። ስልኬን አውጥቼ ቪዲዮውን ላሳያቸው ስል በእጃቸው መለሱት።

«እኔ አይቷል። አንተ ነው ያላየው» አሉኝ። ቆይተው ደግሞ፣ «ይቅርታ እዚህ በር ላይ አይደለም፣ ኡስታዛ። የሳቅክበት ቦታ ሌላ ነው።»

የሚጨመርም የለበትም።

ቀኑን ሙሉ ከራሴ ጋር ስከራከር ዋልኩ። ሰኞ ዳይሬክተሩ ከኋላ ወንበር ቅጽ ይዘው ተቀምጠው ሳለ «ባለፈው ያስተማርኳችሁ ስሕተት ነበር» ልበል? ምልከታው ካለፈ በኋላ፣ ማክሰኞ ብለውስ? ማክሰኞ ብል ማን ይጎዳል?

እናቴ ከፓዌ ደወለች። ሳላስበው ሁሉንም ነገርኳት። ሰምታ ስትጨርስ ስለ አባቴ አነሣች። አባቴ ከወሎ ደጋ ነው በሰፈራ የመጣው። እኛ ልጆች ሳለን፣ አገሩ ጠዋት ጠዋት ውሃው ከውርጭ የተነሣ እንደ መስታወት እንደሚሆን፣ በድንጋይ ተሰብሮ እንደሚቀዳ ይነግረን ነበር። ፓዌ ሙቀት ውስጥ የተወለደ ልጅ ይሄን እንዴት ያምናል? የሰፈር ልጆች ይስቁበት ነበር። እኔም ከእነሱ ጋር ሆኜ «አባዬ ይዋሻል» እል ነበር። እናቴ ዛሬ እንደነገረችኝ፣ አባቴ ከዚያ በኋላ ስለ አገሩ ማውራት የተወው እኔ ስስቅ ሰምቶ ነው።

ይህን አላውቅም ነበር። አባቴ አሁን በሕይወት የለም፤ ይቅርታ የምጠይቀውም የለም።

ማክሰኞ የሚባል ነገር የለም። ሰኞ ነው።

ቅዳሜ፣ ኅዳር 13

ትናንት አልጻፍኩም። አባ አጣሂርን ከጁምዓ ሶላት መልስ አግኝቼ፣ ሆሞሻ ሄጄ ራውዳን ላናግራት እንደምፈልግ ነገርኳቸው። «ነገ እኔ ይሄዳል። አንተም ና» አሉኝ።

ዛሬ ጠዋት ከመናኸሪያው ሚኒባስ ያዝን፣ ጎን ለጎን ተቀመጥን። ዝናቡ ካለፈ ወዲህ ሣሩ ደርቆ እንደ ሰው ቁመት ሆኗል፤ አንዳንዱ ቦታ ተቃጥሎ ጥቁር ነው። ኬላውን እንዳለፍን፣ ሳልጠይቃቸው፣ ማውራት ጀመሩ። ግማሹን በአማርኛ፣ ግማሹን በዓረብኛ፤ የገባኝን ልጻፍ።

በወጣትነታቸው በድንበሩ ከተማ በኩርሙክ አድርገው ሱዳን ገቡ። ሥራ ፍለጋ ከከተማ ከተማ እያሉ ባሕሩ ዳር ደረሱ። ከባሕር ሥር ዛጎል የሚያወጣ ጀልባ ላይ ተቀጠሩ። መዋኘት አያውቁም ነበር፤ ሥራቸው መቅዘፍና ዛጎል ማጠብ ነበር። አንድ ቀን የጀልባው አለቃ ትንንሽ ዓሣ እንዲይዙ ወደ ዳር ላካቸው፤ «ሹራ» የሚባለው ዛፍ ሥሩን ውሃ ውስጥ ነክሮ ወደ ቆመበት ጥግ። ውሃው እስከ ጉልበት ነው። ገቡ። ሦስት አራት እርምጃ እንደሄዱ እግራቸው መንደድ ጀመረ። የነካቸው ነገር የለም። ጂን ነው ብለው ጮኹ። አለቃው ከጀልባው ሆኖ ሳቀ፣ «አትሩጥ፣ ቁምና ወደ ታች እይ» አላቸው።

ቆሙና አዩ።

«መሬት አይደለም ኡስታዛ» አሉኝ፣ እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ ዘርግተው። «ሁሉም እሱ ነው። ሺህ ነው፣ ከሺህ ይበልጣል። አንዱ ከአንዱ ጎን ተኝቷል፣ አበባ ይመስላል። ሁሉም እንዲህ ይላል።» ጣቶቻቸውን ከፈቱ፣ ገጠሙ። ከፈቱ፣ ገጠሙ። «እኔ የቆመበት መሬት ይተነፍሳል። እግሬ ይቃጠላል፣ እኔ ይረሳል። አለቃው ሦስት ጊዜ ጠራኝ። ሱብሃነላህ፣ እኔ አይሄድም።»

ሚኒባሱ ውስጥ ያሉት ሁሉ ይሰሙ ነበር። ሾፌሩ ሙዚቃውን ቀንሶታል።

ስሙን ጠየቅኋቸው። «ቀንዲል» አሉኝ። በዓረብኛ የባሕር ቀንዲል ነው የሚባለው። በእኛም ቋንቋ ቀንዲል መብራት ነው አልኳቸው። አላወቁም ነበር። ፊታቸው እንዴት እንደበራ! «አንድ ነው?» እያሉ ሁለት ጊዜ ጠየቁኝ። እኔ እኮ ለዚህ እንስሳ አማርኛ የለውም ብዬ ነው ጄሊፊሽ እያልኩ የማስተምረው።

አገራቸው ሲመለሱ ይህን ሁሉ ተናግረው ነበር። ራስ የሌለው፣ ልብ የሌለው፣ ውሃ የሆነ እንስሳ? ሳቁባቸው። ገበያ ላይ ልጆች እጃቸውን እየከፈቱ እየገጠሙ ይከተሏቸው ነበር። ተዉት። ከዚያ ወዲህ ለሰው አልተናገሩም፤ ከራውዳ በስተቀር።

ሆሞሻ ቤታቸው ከመንገዱ ገባ ብሎ ነው፤ ግቢው በቀርከሃ የታጠረ። እናቷ ሐሊማ ማንጎው ሥር አስቀመጠችን፣ የከርከዴ መጠጥ አቀረበችልን፣ በኋላም የማሽላ ገንፎ በባሚያ ወጥ። አማርኛዋ ትንሽ ነው፤ እኔ ደግሞ በርታኛ አልችልም። ራውዳ ከቤት ለመውጣት ቆየች። ስትወጣ ቆማ ነው የሰማችኝ። ስሕተቴንም፣ ሰኞ ዳይሬክተሩ ክፍላችንን ሊመለከቱ እንደሚመጡም ነገርኳት። ያለችው ሁሉ እውነት እንደሆነ፣ እኔ ግን ሳላጣራ እንደሳቅሁባት ነገርኳት። አያቷ ለእናቷ ተረጎሙላት።

ራውዳ አንድ ነገር ብቻ ጠየቀችኝ፦ «ቲቸር፣ ይሄን ሰኞ ዳይሬክተሩ ባሉበት ይናገሩታል?»

እናገራለሁ አልኳት። እመጣለሁ አላለችም።

አባ አጣሂርን ክፍል ገብተው ያዩትን እንዲነግሩልን ለመንኳቸው። አማርኛዬ ስብርብር ነው፣ ሁለተኛ ይሳቅብኛል አሉ። ራውዳ ትተርጉም አልኩ። ልጅቷ ከመጣች እመጣለሁ አሉ። ራውዳ ደግሞ አያቴ ከመጣ አለች። ሁለቱ ተያዩ። የትኛው ቀድሞ እሺ እንደሚል ሳላውቅ ብቻዬን ወደ አሶሳ ተመለስኩ።

እሑድ፣ ኅዳር 14

የትምህርት ዕቅዱን እንደገና ጻፍኩ። ሦስት ጊዜ። «ዓላማ» በሚለው ሥር ምን እንደምሞላ አላውቅም። በመጨረሻ «ተማሪዎች ጄሊፊሾች የት የት እንደሚኖሩ ይናገራሉ» አልኩ።

ለነገ፦ ቪዲዮው ስልኬ ላይ ወርዷል። ስልኩ ቻርጅ ተደርጓል። ጠመኔ ባለ ቀለም ተገኝቷል። ድፍረት ገና።

ሰኞ፣ ኅዳር 15

አለፈ።

ጠዋት በሩ ላይ የነበረው ሌላው ጥበቃ ነው። ክፍል ስገባ የራውዳ ወንበር ባዶ። ዳይሬክተሩ ከኋላ ቅጻቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው ተቀምጠዋል። የመጣው ይምጣ ብዬ ጀመርኩ።

ባለፈው ሰኞ ሁሉም ይንሳፈፋል ያልኩት ስሕተት ነበር አልኩ። ራውዳ ትክክል ነበረች፤ እኔ ሳላጣራ ሳቅሁባት፣ እናንተም እኔን አይታችሁ ሳቃችሁ፤ ጥፋቱ ከእኔ ይጀምራል አልኩ። የዳይሬክተሩ እስክሪብቶ ወረቀቱ ላይ ሲሄድ ይሰማ ነበር።

ከዚያ ሰሌዳውን ለአራት ከፍዬ የሚኖሩበትን መሣል ጀመርኩ። ላይኛው ውሃ፣ ጥልቁ ጨለማ፣ ድንጋይ ላይ የተጣበቁት ሕፃናት፣ በዛፎቹ ሥር ያለው ሞቃት ጭቃ። ጭቃው ላይ ስደርስ በሩ ተንኳኳ።

ሁለቱም ነበሩ። አባ አጣሂር ነጭ ጀለቢያቸውን ለብሰው፤ ራውዳ ዩኒፎርሟን። የሆሞሻው ሚኒባስ ኬላ ላይ ቆሞ አዘግይቷቸው ነው።

መጀመሪያ እሳቸው በበርታኛ፣ ራውዳ በአማርኛ ነበር። ጥሩ አድርጋ ተረጎመች። ዛፉ ሥር ገብተው እግራቸው መንደድ የጀመረበት ላይ ሲደርሱ ግን ትርጉሙን አልጠበቁም። በራሳቸው አማርኛ ገቡበት። «እኔ ይቆማል» ሲሉ ሁለት ልጆች አፋቸውን በእጃቸው ያዙ፤ ፈራሁ። ከዚያ እጃቸውን ከፈቱ፣ ገጠሙ። ከፈቱ፣ ገጠሙ። የሚስቅ አልነበረም። ቪዲዮውን የከፈትኩት እሳቸው ከጨረሱ በኋላ ነው። ሃምሳ ልጅ አንዲት ስልክ ላይ ተደፋ። ስልኩ ውስጥ ያለው እንስሳና አሁንም የሚከፈት የሚገጥም የሽማግሌው እጅ በአንድ ዓይነት ምት ይሄዱ ነበር። እኔ ራሴ የቱን እንደማይ ግራ ገባኝ።

ጥያቄው አላቆመም። ይጣፍጣል? ዓይን አለው? ይሞታል ወይ? አባ አጣሂር የማያውቁትን «እኔ አያውቅም» ይላሉ፤ ያለ ምንም ሐፍረት። ይህን መልስ እኔ ባለፈው ሳምንት ባውቀው ኖሮ።

ከኋላ አንድ እጅ ወጣ። የዳይሬክተሩ። እግርዎ እስከ ስንት ቀን አመመዎት ብለው ጠየቁ። «ሦስት ቀን» አሉ አባ አጣሂር።

በኋላ ቢሮ ጠሩኝ። ከዕቅድ ወጥተሻል፣ እንግዳ ሳታሳውቂ አስገብተሻል፣ ጊዜ አላከበርሽም። ሁሉም ልክ ነው። ውጤቱ ዝቅ ያለ ነው፤ ፈረምኩበት። ወረቀቱን ሲያነሡ፣ እሳቸውም ባሕር አይተው እንደማያውቁ ነገሩኝ።

ረቡዕ፣ ኅዳር 17

ፈተናው ተፈተነ። ራውዳ ተፈትናለች። ወረቀቷን ቀድማ አስረከበች፤ አላየሁትም፣ ከጥቅሉ መሃል አስገብቼዋለሁ። እንደ ሌሎቹ ተራው ሲደርስ ይታረም።

ከእኔ ጋር ነገሩ ገና ነው። ታየኛለች፣ ትመልሳለች፣ ግን እንደ ድሮው አይደለም። ይገባኛል። አንድ ሰኞ ሁሉንም አይጠግንም። ሐሊማ ልጇ ዓመቱን አሶሳ እንድትጨርስ ተስማምታለች፤ የሚቀጥለውን ዓመት እንጃ።

በሩ ላይ ከሰዓት በኋላ አራት አምስት ልጆች አባ አጣሂርን ከበው አገኘሁ። ልጆቹ ሲበተኑ እሳቸው ጠሩኝ። ሱዳን ውስጥ ያለውን ጦርነት በሬዲዮ ይሰማሉ። እዚያ ዳርቻ የሚያውቁት ሰው አሁን የለም፤ የጀልባው አለቃ ድሮ ሞቷል። ቀንዲሎቹ ግን ዛሬም መኖራቸውን ያ ስልክ ይናገር እንደሆነ ጠየቁኝ።

ፈልጌ ነበር፤ የዚያን ቦታ አዲስ ነገር አላገኘሁም። የሞቀ ባሕር፣ የሰፋ ወደብ፣ የተቆረጠ ዛፍ፤ ብዙ ነገር ሊሆን ይችላል። «አላውቅም፣ አባ አጣሂር» አልኳቸው።

ጣቶቻቸውን ከፈቱ፣ ገጠሙ።

«ራስ የለውም» አሉ። «ጦርነት አያውቅም። እዚያ ተኝቷል።»

እሺ አልኳቸው። ወደ ቤት ስመለስ ባጃጅ ውስጥ ሆኜ ዘንድሮ ክረምት ላይ የወር ፈቃዴን ይዤ እስከ የትኛው ባሕር መድረስ እንደምችል አሰላ ነበር። ጅቡቲ ይሻላል መሰለኝ። አብረውኝ ይሄዱ እንደሆነ አባ አጣሂርን ገና አልጠየቅኋቸውም፤ ራውዳንም።